የጓሯችን አባጨጓሬዎች

በጓሯችን የነበረው የኮክ ዛፍ በየዓመቱ መስቀል ካለፈ በኋላ ጸጉር ያበቅል ነበር። እኔ እንደዚያ ነበር የማስበው። ክረምቱን ሙሉ ልሙጥና እርጥብ ሆኖ የከረመው ግንድ አንድ ቀን ጠዋት ስንነሳ፣ ቅርንጫፉ ከሚከፈልበት ሥር፣ ቡናማ ጸጉር ለብሶ እናገኘዋለን። ቀረብ ብለው ካዩት ጸጉሩ ይንቀሳቀሳል። አንዱ አባጨጓሬ በሌላው ላይ ተደርቦ፣ ሌላው ከሥር ተወሽቆ፣ ቀኑን ሙሉ አንድ ላይ ተኝተው ይውላሉ። ሲመሽ ተበታትነው ቅጠሉን ይበላሉ። እነሱን ባየሁ ቁጥር አንገቴን ያሳክከኝ ነበር፤ ሳይነኩኝ።

ዘመኑ 1981 ነው፤ ሰባት ዓመቴ ነበር። ቤታችን ልደታ፣ ከማርያም ቤተ ክርስቲያን ወደ ጌጃ ሰፈር በሚያወርደው መንገድ ዳር፣ የቀበሌ ቤት ነበር። ግቢውን ከእትዬ ሸምሲያ ጋር እንጋራለን። እሷ ከፊት፣ ከአጥሩ በር ጎን፣ ትንሽ ሱቅ ነበራት። እኛ ከኋላ ሁለት ክፍል ነበረን። አባቴ የከባድ መኪና ሾፌር ስለሆነ ከወሩ ሦስቱን ሳምንት አሰብ መንገድ ላይ ነው። ስለዚህ ቤቱ የእናቴ የሀረገወይን፣ የታናሽ ወንድሟ የአስፋው፣ የእኔና የሻሞ ነበር ማለት ይቻላል።

ሻሞ ውሻችን ነው። አባቴ ከደሴ ሲያመጣው ሻምበል ብሎት ነበር። እናቴ ግን፣ “ሰው ሰምቶ ጉድ እንዳያፈላብን” ብላ ከግማሹ ቆርጣ ሻሞ አለችው። አባቴ ሲመጣ ብቻ፣ በሩ ከተዘጋ በኋላ፣ ማዕረጉ ይመለስለታል።

አስፋው ሃያ ዓመቱ ነበር። ጌጃ ሰፈር ውስጥ ከአንድ ልብስ ሰፊ ጋር ይሠራል። ማታ ሲመጣ ሜትሩ አንገቱ ላይ እንደተንጠለጠለ ነው። ጎትቶ ከራሴ እስከ ተረከዜ ይለካኝና፣ “ሠርኬ፣ ከትላንት ወዲህ ምንም አላደግሽም፤ ምሳሽን ለሻሞ እየሰጠሽው ነው” ይለኛል። ስሜ ሠርካዲስ ነው። ሠርኬ የሚለኝ እሱና እናቴ ነበሩ።

ጓድ ነጋ ወረቀቱን ይዞ የመጣው ሐሙስ ከሰዓት ነው። የቀበሌው ሰው ነበር፤ ሃምሳ ዓመት ያለፈው፣ የኮቱ ኪስ በእስክሪብቶ የተሞላ። ከደጃፉ ሳይገባ እናቴን ጠራት።

“ጓዲት ሀረገወይን፣ ወንድምሽ አለ?”

“ሥራ ላይ ነው።”

“ማክሰኞ ለምርመራ ይቅረብ በይው። ስሙ ወጥቷል። ፈርሚ።”

እናቴ ፈረመች። እትዬ ሸምሲያ በሱቋ መስኮት እያየች ነበር። ጓድ ነጋ ከሄደ በኋላ፣ “እናት አገር የእሱን ልጆች ብቻ አታውቃቸውም?” አለች። እናቴ ገብታ አልጋው ላይ ተቀመጠች፤ ተነሳች፤ የታጠበውን ድስት እንደገና አጠበችው። ምርመራ ማለት ሐኪም ቤት መሄድ እንደሆነ አውቅ ነበር። አስፋው የታመመ መሰለኝ። ከዚያ በኋላ የደረሰው ሁሉ ደግሞ ይህንን ሐሳቤን የሚያጠናክር ሆነ።

መጀመሪያ የታመመው ግን ሻሞ ነው። ቅዳሜ ጠዋት ከኮኩ ሥር የወደቀ አባጨጓሬ አሽትቶ ላሰው። ወዲያው ራሱን ያርገበግብ ጀመር። አፍንጫውን መሬት ለመሬት እየጎተተ፣ ለሃጩ እየተዝረከረከ፣ ግቢውን ዞረው። ምላሱ አብጦ ከአፉ ወጣ። እትዬ ሸምሲያ የሱቋን በር ከውስጥ ቀርቅራ፣ “ይሄ ውሻ አብዷል፣ ልጅቷን አስገቡ” አለች። አስፋው ግን ሻሞን በጉልበቱ መሃል አጥብቆ ይዞ አፉን ከፈተና ምላሱን በእርጥብ ጨርቅ ይጠርገው ጀመር። ጨርቁ ላይ ጥቃቅን ጸጉሮች ተለጥፈው ወጡ።

“ይሞታል?” አልኩት።

“አይሞትም። የነካው ቦታ ብቻ ነው ያበጠው፣ አየሽ?”

ይህን ብሎ ቀና አለና ኮኩን ለረጅም ጊዜ አየው። ጨርቁ ከእጁ ላይ ይንጠባጠባል። በዛፉ የተናደደ መሰለኝ። የዚያን ዕለት ምን እያሰበ እንደነበር ያወቅሁት በጣም ዘግይቼ ነው። ሻሞ እሑድ ማታ ፍርፋሪ በላ፤ ሰኞ ደህና ሆነ። እኔ ግን ዓይኔ ላይ የቀረው ያ ምላስ ነው።

ሰኞ ከትምህርት ቤት ስመለስ ግቢው ጸጥ ብሎ ነበር። ቦርሳዬን አስቀምጬ በጓሮው መስኮት ሳይ እናቴና አስፋው ከኮኩ ሥር ቆመዋል። አስፋው የሸሚዙን እጅጌ እስከ ትከሻው ሰብስቦ፣ ዓይኑን ጨፍኖ፣ ክንዱን ዘርግቷል። ክንዱ ላይ ሦስት አባጨጓሬዎች ይሄዳሉ። እናቴ የኮክ ቅጠል በሁለት ጣቷ ይዛ በጥንቃቄ ቅጠሉን ወደ ክንዱ ታስጠጋለች። አስፋው ጥርሱን ነክሷል። በአፍንጫው ሲተነፍስ እስከ መስኮቱ ይሰማል።

አባጨጓሬዎቹ ከዛፉ ወርደውበት እናቴ እያነሳችለት እንደሆነ ወዲያው ገባኝ። “አንሺለት፣ ቶሎ አንሺለት” እያልኩ በልቤ እለምናት ነበር።

እናቴ አታነሳም ነበር፤ ታስቀምጥ ነበር። ይህን ያወቅሁት ከብዙ ዓመት በኋላ፣ ዩኒቨርሲቲ በገባሁ በሁለተኛው ዓመት፣ በአንድ የነፍሳት ትምህርት ክፍለ ጊዜ ላይ ተቀምጬ ነው። አስተማሪው የአባጨጓሬ ጸጉር ቆዳ ላይ ተሰብሮ እንደሚቀርና እንደሚያሳብጥ ሲያስረዳ፣ ያ ቅጠል፣ የእናቴ ሁለት ጣት፣ ቅጠሉ የመጣበት አቅጣጫ፣ የውትድርናው ምርመራ ተራ በተራ ታየኝ። እስክሪብቶዬን አስቀምጬ እስከ ትምህርቱ መጨረሻ ምንም አልጻፍኩም።

ያን ሰኞ ግን እናቴ መስኮቱ ላይ አየችኝ። ገብታ እጇን ታጠበችና አገጬን ያዘች።

“ሠርኬ፣ ያ አባጨጓሬ መርዝ ነው። የነካው ሰው ያብጣል፤ አብጦ ይሞታል። እንዳትጠጊው። ለማንም ደግሞ እንዳታወሪ፤ ስሙን የጠራ ሰው ላይ ይመጣል።”

“አስፋውም ይሞታል?”

“እግዜር ካለ ይድናል” ብላ ፊቷን አዞረች።

ማክሰኞ ጠዋት የአስፋው ክንድ ከአንጓው እስከ ብብቱ ቀልቶ፣ አባብጦ፣ ውሃ ቋጥሮ ነበር። ጓድ ነጋ ሊወስደው መጣ። ክንዱን አይቶ አንድ እርምጃ ወደ ኋላ ሸሸ።

“ይሄ ደግሞ ምንድነው?”

“እከክ ነው መሰለኝ” አለች እናቴ። “ይተላለፋል ይላሉ።”

“እንግዲያ ከኋላዬ ይምጣ፤ አይጠጋኝ።”

ሁለቱ እየተራራቁ ሲወጡ እትዬ ሸምሲያ ሳቋን በሻሿ ጫፍ ያዘችው። አስፋው ከሰዓት ተመልሶ መጣ። ሐኪሙ “ተላላፊ ሊሆን ስለሚችል ካምፕ አይገባም፤ በሁለት ሳምንቱ ሐሙስ ተመልሶ ይታይ” ብሎ ጽፎለታል። እናቴ ወረቀቱን ሳመችው። ወረቀት ስትስም አይቼ አላውቅም ነበርና መድኃኒት የታዘዘበት መሰለኝ።

ክንዱ በአራተኛው ቀን ይሽር ጀመር፤ በሳምንቱ ጠባሳው ብቻ ቀረ። እኔ ግን እረፍት አጣሁ። ጠዋት ስነሳ መጀመሪያ የማየው ኮኩን ነው። ጸጉሩ ይሰፋል እንጂ አይቀንስም። አስፋው ሲተኛ ይተነፍስ እንደሆነ ደረቱን ተጠግቼ አያለሁ። እሱም ተረጋግቶ አይቀመጥም፤ አንድ ቁምጣ ሰፍቶ ይፈታዋል፣ እንደገና ይሰፋዋል። እናቴ የበሩ ሰንሰለት በተንኳኳ ቁጥር ወጧን ትታ ትነሳለች።

የሁለተኛው ቀጠሮ ሳምንት ሰኞ ማታ፣ እራት በልተን እኔ ወደ መኝታዬ እንደገባሁ፣ ከመጋረጃው ወዲያ ሲያወሩ ሰማሁ።

“ረቡዕ ከሥራ እንደገባህ” አለች እናቴ። “ቀድመን ካደረግነው ይጠፋል፤ ከዘገየንም አያብጥም።”

“በዚህኛው አንገቴ ላይም ይሁን። ባለፈው ሐኪሙ ክንዴን አገላብጦ አይቶ ፈገግ አለ። ሳይገባው አልቀረም።”

“ገብቶትም ከጻፈልህ ምን ቸገረህ?”

“አንዴ ይጽፋል ሀረጌ። ሁለተኛ እንጃ።”

“ሐሙስን እለፍ ብቻ። መኪናው አርብ ይወጣል። ሐሙስን ካለፍክ ዳንክ ማለት ነው። ቅዳሜ አባቷ ይመጣል፤ ጅማ አድርሶህ ይመለሳል። ከዚያ ማን ያገኝሃል?”

ጅማ ምን እንደሆነ፣ መኪናው የማን እንደሆነ አልገባኝም። የገባኝ ይህ ነው፤ ረቡዕ ማታ አባጨጓሬዎቹ እንደገና ይመጡበታል፤ አሁን አንገቱ ላይ ነው፤ ሐሙስን ካለፈ ይድናል፤ ካላለፈ አይድንም። የሻሞ ምላስ ትዝ አለኝ። አንገት እንደዚያ ካበጠ ትንፋሽ በየት ይወጣል? ሌሊቱን ብርድ ልብሱ ራሱ ጸጉር ያለው እየመሰለኝ ስገለባበጥ አደርኩ።

ማክሰኞ እትዬ ሸምሲያ ሱቅ ሄድኩ። ምስር ትለቅም ነበር።

“እትዬ ሸምሲያ፣ ጸጉራም ነገር በምን ይሞታል?”

“ጸጉራም ነገር ማለት? አይጥ ነው?”

“አይጥ አይደለም። ዛፍ ላይ ያለ።”

“አባጨጓሬ በይኛ።”

ስሙን በመጥራቷ ደንግጬ ወደ ኋላዬ አየሁ። ምንም አልመጣም።

“ይገድላል?”

“ማንን? እኛ አገር አንድ በሬ ከሣር ጋር በልቶት ምላሱ ይህን ያህል ሆኖ አይቻለሁ።” እጇን እስከ ክርኗ አሳየችኝ። እትዬ ሸምሲያ ስታወራ ሁሉም ነገር እስከ ክርኗ ነው።

“ሞተ?”

“በምን ይሞታል? ለዓረፋ አርደን በላነው።”

ይህ አላጽናናኝም።

“እሱስ? እሱ በምን ይሞታል?”

“ላምባ ደፋ ካደረጉበት የት አባቱ። አንቺ ግን እንዳትነኪው፤ ለእናትሽ ንገሪያት።”

ለእናቴ መንገር አልቻልኩም። ስሙን እንዳልጠራ ተነግሮኛል። እሷ ደግሞ በዚያ ሳምንት ገና ስጠጋት፣ “ቆይ፣ ቆይ” ትለኝ ነበር።

ረቡዕ ስድስት ሰዓት ላይ ከትምህርት ቤት ስመለስ እናቴ የሴቶች ማኅበር ስብሰባ ሄዳለች፤ አስፋው ሥራ ላይ ነው። የአባቴን ሁለት ካልሲ አወጣሁና እጄ ላይ እስከ ክርኔ አጠለቅሁ። የላምባውን ጠርሙስ ከምድጃው ሥር አነሳሁ። ሻሞ እንዳይከተለኝ ቤት ዘጋሁበት፤ ከውስጥ በሩን ይቧጥጥ ነበር።

ግንዱ ጋ ደረስኩ። በርጩማ ላይ ቆምኩ። ፀሐይ በቅጠሉ መሃል ገብታ ጸጉራቸውን ወርቅ አስመስላዋለች። እንደዚያ ቀርቤ አይቻቸው አላውቅም ነበር። ጎናቸው ላይ ብርቱካንማ ነጠብጣብ ነበራቸው። ጠርሙሱን ደፋሁት። መጀመሪያ ሁሉም በአንድ ጊዜ ተንቀጠቀጡ። ከዚያ አንድ በአንድ፣ ከዚያ በብዙ እየሆኑ፣ እየተጠቀለሉ ወደቁ። የላምባው ሽታ ዓይኔን አስለቀሰኝ። የቀሩትን በመጥረጊያ እያወረድኩ እንደገና አፈሰስኩባቸው። ከቅርንጫፎቹም፣ ከአጥሩ ቆርቆሮም ያገኘሁትን ሁሉ። መቶ ድረስ ቆጠርኩ። ከመቶ በኋላ የሚመጣውን በደንብ ስለማላውቀው እንደገና ከአንድ ጀመርኩ።

አስፋው አሥራ አንድ ሰዓት ሳይሞላ መጣ። ከወትሮው ቀድሞ ነው። ጃኬቱን አውልቆ፣ ከደጅ አንድ ሰፋ ያለ ቅጠል ቀጥፎ ወደ ጓሮ ሄደ። እኔ ገመድ ላይ ከተሰጣው አንሶላ ጀርባ ቆሜ አየው ነበር። ልነግረው ቸኩያለሁ፤ ግን መጀመሪያ ራሱ እንዲያየው ፈለግሁ።

ግንዱ ጠቁሮ ያብለጨልጫል። አስፋው ቆመ። እጁን ግንዱ ላይ አድርጎ አሸተተው። ቁጢጥ አለና መሬቱን አየ። ከዚያ ተነስቶ ቅርንጫፎቹን አንድ በአንድ አገላበጠ፤ ቅጠሎቹን ከሥር አየ፤ አጥሩ ሥር በአራት እግሩ ሄደ፤ የእትዬ ሸምሲያን ግራዋ ሳይቀር ነቀነቀው። ይፈጥናል፤ ትንፋሹ ይሰማል። የተረፈ አባጨጓሬ ካለ እንዳይነካው እየፈራ መሰለኝ። አሳዘነኝ። ከአንሶላው ጀርባ ወጣሁ።

“አትፍራ። ሁሉንም ገድዬአቸዋለሁ” አልኩት። “አንድም የለም። ከእንግዲህ አይነኩህም።”

ዞሮ አየኝ። መጥረጊያውን፣ ካልሲዎቹን፣ ባዶውን ጠርሙስ አየ።

“አንቺ ነሽ?”

“አዎ።”

“ብቻሽን?”

“ብቻዬን። እማዬ መርዝ ነው ብላኛለች። አንገትህ ላይ እንዳይመጡብህ ነው።”

ቅጠሉ እጁ ላይ ነበር። አጣጥፎ አጣጥፎ አሳነሰውና ጣለው። መጥቶ ከፊቴ ተንበረከከ። ከዚያ፣ “ጎበዝ” አለኝ። “ጎበዝ ሠርኬ። እኔ እንኳ እፈራቸው ነበር።”

ካልሲዎቹን ከእጄ ላይ ገለበጠልኝ። ክንዶቼ ቀልተው ነበር፤ አንገቴንም ያሳክከኛል። ወደ ቧንቧው ወሰደኝ። እጄን በሳሙና እስከ ትከሻዬ አጠበኝ፤ አሸተተው፤ እንደገና አጠበኝ። ሦስት ጊዜ። ቀሚሴን አስወልቆ ሌላ አለበሰኝ። ካልሲውንና ቀሚሱን ነከረ፤ የሞቱትን በአካፋ ጠርጎ ቀበረ፤ ግንዱን በባልዲ ውሃ ደጋግሞ አጠበው። ሲሠራ ወደ አጥሩ በር እያየ ነበር።

“ለምንድነው የምታጥበኝ?”

“ላምባ ለልጅ ጥሩ አይደለም። ጠርሙሱን ሻሞ ደፍቶታል እንላለን። እሺ? የሁለታችን ምስጢር ነው።”

እሺ አልኩ። ሻሞ ባልሠራው ሥራ ሲወቀስ ትንሽ ከፋኝ፤ ግን ከአስፋው ጋር ምስጢር መኖሩ ደስ ብሎኝ ነበር።

እናቴ ስትመጣ ስኳር እንድገዛ ወደ ሱቅ ላኩኝ። ስመለስ ግድግዳውን ተደግፋ ተቀምጣለች፤ ሁለት እጇ ራሷ ላይ ነው። አስፋው፣ “ተይ በቃ፤ ሌላ እንፈልጋለን” ይላታል። ለላምባው ነው ብዬ ስላሰብኩ አጠገቧ ሄጄ፣ “ሻሞ ሳያውቅ ነው” አልኳት። ቀና ብላ እንኳ አላየችኝም።

ሐሙስ ንጋት ላይ ከቤተ ክርስቲያኑ አጥር ጀርባ ሳማ ቆርጣ በነጠላዋ ሸፍና መጣች። ክንዱንና አንገቱን በሳማው መታችው። “ደም ያዘዋውራል” አለችኝ። ወዲያው ሽፍ ብሎ አበጠ። እናቴ ፊቷ ፈካ አለ። ሳማ ግን ፈጥኖ እንደሚያሳብጥ ሁሉ ፈጥኖ ይጠፋል። ሰልፉ ረጅም ነበር አሉ፤ ተራው እስኪደርስ ፀሐዩም በረታ። ሐኪሙ ክንዱን ያዘ፤ አገላበጠ። ሌላ ሰው አጠገቡ ቆሞ ነበርና ፈገግ አላለም።

ጓድ ነጋ ነው ውጤቱን ያመጣው። “ሙሉ ጤነኛ ተብሏል። እንኳን ደስ ያላችሁ” አለ።

እናቴ አለቀሰች። እኔ ግን ጤነኛ መባሉን ስሰማ ያዳንኩት እኔ ነኝ ብዬ ደስታዬን መያዝ አቃተኝ። ሐሙስ አልፏል፤ አልሞተም። አርብ ጠዋት በቀበሌው ሜዳ ላይ ስማቸው የወጣ ወጣቶች መኪናው ላይ ሲወጡ እናቶች ይጮሃሉ። እኔ አጠገቤ ለቆመች ልጅ፣ “የእኔ አጎት ጤነኛ ነው፤ እኔ ነኝ ያዳንኩት” እያልኩ አወራላት ነበር። አስፋው ከመኪናው ጠርዝ ላይ ሆኖ በሁለት እጁ ሜትር የሚዘረጋ አስመስሎ አሳየኝ። እንደዚህ አድጊ ማለቱ ነው። ሳቅሁ።

አባቴ ቅዳሜ መጣ። ሻሞን በማዕረጉ አልጠራውም።

አስፋው በ1983 ሐምሌ ተመለሰ። የግራ እግሩ ከቁርጭምጭሚቱ በታች ሰሜን ቀርቷል። አንድ ዓመት ያህል ቤት ውስጥ ተቀመጠ። ከዚያ የስፌት መኪናውን በአንድ እግር መርገጥ ተማረ፤ ሲደክመው ያቆማል፣ ጉልበቱን ያሻል፣ ይቀጥላል። ስለ አባጨጓሬ አንድም ቀን አንስቶብኝ አያውቅም። ዩኒቨርሲቲ ነገሩ ከተገለጠልኝ በኋላ እኔም አላነሳሁም። ለመናገር ድፍረቱ ያለኝ ሰው አይደለሁም። እናቴም ታውቃለች፤ አዝናልኝ ነው የተወችኝ ብዬ ነበር የማምነው። ቤት ስሄድ እግሩን ላለማየት ዓይኔን የማሳርፍበት ሌላ ቦታ እፈልጋለሁ።

አሁን የባዮሎጂ አስተማሪ ነኝ። በየዓመቱ አንድ ተማሪ እጁን አውጥቶ፣ “ቲቸር፣ አባጨጓሬ ሰው ይገድላል?” ይለኛል። እኛ ጓሮ የምናገኛቸው አይገድሉም እላለሁ። ጸጉራቸው ቆዳ ያሳብጣል፤ ዓይን ውስጥ ከገባ ግን ሐኪም ዘንድ መሄድ ነው። ውሻና ድመት ከላሱት ለሃጫቸው ይዝረከረካል፤ ምላሳቸው ያብጣል፤ በእርጥብ ጨርቅ መጥረግ ነው። ተማሪዎቹ ይጽፋሉ። እኔ ጥቁር ሰሌዳውን አጠፋለሁ፤ ጠፍቶም አጠፋለሁ።

ያ ግቢ ፈርሷል። እናቴና አስፋው በልደታ ኮንዶሚኒየም አንደኛ ፎቅ ላይ ይኖራሉ። ባለፈው ዓመት ግንቦት ልደታ ሄጄላቸው ነበር። ሴቶቹ ከሕንፃዎቹ መሃል ባለው ሜዳ ላይ ንፍሮ ቀቅለው፣ ዳቦ ቆርሰው ተቀምጠዋል። የአንዷ ጎረቤት ልጅ አባጨጓሬ ነክቶት ያለቅስ ነበር። እናቴ ቅቤ እየቀባችው ጨዋታ ጀመረች። ዕድሜ ልኳን በሹክሹክታ የያዘችውን ነገር እየሳቀች ስታወራው የሰማሁት የዚያን ቀን ነው። የጓድ ነጋን አሸሻሽ በእግሯ ሠርታ አሳየቻቸው። ሴቶቹ ሳቁ።

“ሁለተኛው ምርመራስ?” አለች የልጁ እናት።

“ሁለተኛውማ እግዜር አልፈቀደ። ረቡዕ ማታ ብንል አንድ አባጨጓሬ የለም። ለካ ዝናብ ጠራርጎ ወስዷቸዋል። አስፋው ‘ዝናብ ጨርሷቸዋል ሀረጌ’ ብሎኝ እዚያው ቁጭ አልኩ።”

እጄ ላይ የያዝኩትን ዳቦ አስቀመጥኩ። ሦስት ጊዜ ያጠበኝ ለላምባው መርዝነት አልነበረም። እናቴ እጄን እንዳታሸት ነበር። በነጋታው የሚሆነውን እያወቀ፣ በቀረችው አንድ ማታ፣ ሌላ አባጨጓሬ መፈለጉን ትቶ የእኔን ሽታ ሲያጠፋ ነበር።

“ጥቅምት እኮ ነው፣ እማዬ” አልኩ። ሴቶቹ ዞረው አዩኝ። “ጥቅምት ላይ ምን ዝናብ አለ? ያኔ እኔ ነኝ …”

“ዘንቧል” አለ አስፋው።

አግዳሚው ጫፍ ላይ ተቀምጦ ንፍሮ ይቆረጥማል። አላየኝም።

“አልዘነበም” አልኩት።

“እኔ ነበርኩ ጓሮ፤ አንቺ ቤት ውስጥ ነበርሽ። ያለ ወቅቱ ነው የዘነበው፤ ግንዱ ሁሉ ርሶ ነበር።”

“ይኸው” አለች እናቴ። “ሰባት ዓመቷ ነበር እኮ፤ ምኑን ታስታውሳለች?” ወደ ልጁ ክንድ ተመለሰች።

አስፋው ክራንቹን ከአጠገቡ አንስቶ ወደ ቀኝ ትከሻው አሻገረው። ማንንም በማያስቀምጥበት በግራ ጎኑ በኩል ቦታ ተለቀቀ።

“ነይ ተቀመጪ” አለኝ። “ንፍሮው ሳይበርድ።”

ሄጄ ተቀመጥኩ።